ጆን ፖል ጆንስ በጥቁር ባሕር፦ የ1788ቱ የሊማን ድል የማን ነበር?

ዘባሕር (ክሩን የከፈተ)

ጤና ይስጥልኝ የመድረኩ ታዳሚዎች። ስለ ሩሲያና ኦቶማን ጦርነቶች በምንወያይበት በዚህ ክፍል ስለ ጄኔራሉ ሱቮሮቭና የደቡቡ ጦር የበላይ አዛዥ ስለነበረው ልዑል ፖተምኪን ብዙ ተጽፏል። በሩሲያ ባንዲራ ሥር ተቀጥረው ስለተዋጉት የውጭ አገር አዛዦች ግን እምብዛም አልተነሣም። ዛሬ ከእነርሱ አንዱን ላንሣ።

ጆን ፖል ጆንስን አብዛኞቻችን የምናውቀው በአሜሪካ የነጻነት ጦርነት ነው። በ1747 በስኮትላንድ የተወለደው ይህ መርከበኛ እ.ኤ.አ. መስከረም 23 ቀን 1779 ቦኖም ሪሻር በምትባል አሮጌ መርከብ የእንግሊዟን ሴራፒስ ገጥሞ፣ የራሱ መርከብ ልትሰምጥ እየተቃረበች የጠላቱን መርከብ ማረከ። ነገር ግን ጦርነቱ ሲያበቃ የአሜሪካ ኮንግረስ ባሕር ኃይሉን በትኖ የመጨረሻዋን የጦር መርከብ በ1785 ሸጠ። በመላው አውሮፓ ስሙ የገነነው መኮንን የሚያዝበት መርከብ አጣ። በ1788 መጀመሪያ ኮፐንሃገን ውስጥ የነበረው ለውጊያ አልነበረም፤ ዴንማርክ ለእንግሊዝ መልሳ ስለሰጠቻቸው የምርኮ መርከቦች ካሳ ሊጠይቅ ነበር።

ሩሲያ የፈለገችው ያን ጊዜ ነው። ኦቶማኖች ሩሲያ በ1783 ክራይሚያን ወደ ግዛቷ መቀላቀሏን ሊቀበሉ ስላልቻሉ በነሐሴ 1787 ጦርነት አውጀው ነበር፤ እቴጌ ካትሪንም በጥቁር ባሕር ያላት መርከብ እንጂ ስም ያለው አዛዥ አልነበረም። በፓሪስ የአሜሪካ ልዑክ የነበረው ቶማስ ጀፈርሰንና የሩሲያው አምባሳደር ነገሩን አመቻቹ፤ ጆንስም የአሜሪካ ዜግነቱን እንደያዘ እንዲያገለግል ጠይቆ ተስማማ።

ወደ ሩሲያ የተጓዘበት መንገድ ብቻውን የሰውየውን ጠባይ ያሳያል። ከስቶክሆልም በስተሰሜን ካለችው ግሪስልሃምን ተነሥቶ ወደ ፊንላንድ ለመሻገር ቢሞክር የባልቲክ በረዶ መንገዱን ዘጋበት። ስለዚህ ወዴት እንደሚሄድ ሳይናገር ክፍት ጀልባ ከነቀዛፊዎቿ ተከራየ፤ ከባሕሩ ዳርቻ ከራቁ በኋላም ሽጉጡን መዝዞ ወደ ደቡብ እንዲቀዝፉ አዘዛቸው። አራት ቀን ያህል በበረዶ መካከል፣ ሌሊት ኮምፓሱን በፋኖስ ብርሃን እያየ ሄዶ ዛሬ ታሊን በምትባለው ሬቫል ደረሰ። ተከትላቸው የነበረችው ትንሽ ጀልባ ጠፋች፤ በውስጧ የነበሩት ሰዎች ግን ተረፉ። ካትሪን በደስታ ተቀበለችው፤ የሪር አድሚራልነት ማዕረግም ሰጠችው። በባልቲክ የሩሲያ መርከቦች ላይ ያገለግሉ የነበሩት እንግሊዛውያን መኮንኖች ግን «ከዚህ የባሕር ወንበዴ ጋር አናገለግልም» አሉ፤ እርሱም ወደ ደቡብ ተላከ።

እንደምታውቁት ከዚያ በኋላ በሰኔ 1788 በድኒፐር ወንዝ መውጫ ባለው ሊማን የኦቶማን መርከቦች ክፉኛ ተመቱ፤ ግንቦት መጨረሻ ላይ ሥራውን የጀመረው ጆንስም በጥቅምት ከኃላፊነቱ ተነሣ። እኔ የማምነው ጆንስ በውኃ ላይ እንዳልተሸነፈ ነው። የተሸነፈው ድሉን በደብዳቤ ወደ ቤተ መንግሥት በማድረስ ፉክክር ነው። እናንተስ ምን ትላላችሁ?

መድፈኛው

ዘባሕር፣ ስለ ባልቲኩ ጉዞ ያቀረቡት ግሩም ነው። በመደምደሚያው ግን አልስማማም። መጀመሪያ የውጊያውን ቦታ እንይ። ሊማን ማለት ድኒፐር ወደ ጥቁር ባሕር ከመግባቱ በፊት የሚሰፋበት፣ ረዥምና ጥልቀት የሌለው ውኃ ነው። መውጫው ላይ በሰሜን በኩል በኦቶማኖች እጅ የነበረው የኦቻኮቭ ምሽግ ይገኛል፤ በደቡብ በኩል ደግሞ ሱቮሮቭ የሚጠብቀው የኪንቡርን የአሸዋ ምላስ አለ። በሁለቱ መካከል ያለው መተላለፊያ ጠባብ ነው፤ ከሥሩም ደለል ሞልቷል።

የሩሲያ ኃይል ለሁለት ተከፍሎ ነበር። ጆንስ ባለ ሸራዎቹን ትላልቅ መርከቦች ያዝዛል፤ ራሱ የተሳፈረባት ቭላድሚር 66 መድፍ እንድትይዝ የተሠራች ብትሆንም፣ ያን ሁሉ ከጫነች አሸዋ ላይ ስለምትቀመጥ ከግማሽ በታች የሆነውን ብቻ ይዛ ነበር። በመቅዘፊያ የሚሄዱትን ቀላል ጀልባዎች የሚያዝዘው ደግሞ የናሳው ዚገኑ ልዑል ነው፤ በወጣትነቱ ከፈረንሳዊው አሳሽ ቡጋንቪል ጋር ዓለምን በመርከብ የዞረ፣ በፈረንሳይ የተወለደ ሌላ የውጭ ሰው። ከጀልባዎቹ አንዳንዶቹ ካትሪን በ1787 በድኒፐር ላይ ለሽርሽር የተጓዘችባቸው ነበሩ፤ ሳሙኤል ቤንታም የተባለ እንግሊዛዊ መሐንዲስ ኬርሶን ላይ ከባድ መድፍ እንዲሸከሙ አድርጎ አዘጋጃቸው። የእቴጌይቱ የመዝናኛ ጀልባዎች ናቸው እንግዲህ የኦቶማንን ባሕር ኃይል ያቃጠሉት።

ነጥቤ ይህ ነው፦ በእንዲህ ያለ ውኃ ወሳኙ መሣሪያ የናሳው ጀልባ ነው፤ የጆንስ መርከብ መንቀሳቀሱ ራሱ አስቸጋሪ ነበር። የኦቶማን ባሕር ኃይል አዛዥ ሐሰን ፓሻ የተሳፈረበት መርከብ አሸዋ ላይ ሲቀመጥ ቀርበው ተቀጣጣይ ጥይት የተኮሱበት ጀልባዎቹ ናቸው። ታዲያ ሽልማቱ ለናሳው ቢያጋድል ምን ያስደንቃል?

የአንኮበር ልጅ

መድፈኛው የመሣሪያውን ነገር በትክክል አስቀምጠውታል። አንድ ነገር ግን ልጨምር። ጆንስ የጠላት መርከቦች እንዲማረኩ ይፈልግ ነበር፤ አሸዋ ላይ የተቀመጠ መርከብ የትም ስለማይሄድ ሠራተኞቹ እጅ እስኪሰጡ መጠበቅ ይቻል ነበር ይል ነበር። ናሳው ግን አቃጠላቸው። በእሳቱ ውስጥ ከሠራተኞቹ በተጨማሪ ለመቅዘፍ በሰንሰለት የታሰሩ ሰዎችም አልቀዋል፤ ጆንስ በኋላ በጻፈው የዘመቻ ማስታወሻ ይህን በምሬት አንሥቶታል። ለሩሲያም ቢሆን የተማረከ መርከብ ከተቃጠለ መርከብ ይበልጣል፤ በጥቁር ባሕር አንድ መርከብ ሠርቶ ማውረድ ዓመታት ይፈጅ ነበርና።

ዘባሕር

ለመድፈኛው መልስ ልስጥ። የናሳው ጀልባዎች አቃጠሉ፤ አልክድም። ነገር ግን ጀልባዎቹ የሚያቃጥሉት ነገር ከየት መጣላቸው? እ.ኤ.አ. ሰኔ 28 ቀን ማለዳ ኦቶማኖች ሲያፈገፍጉ የጆንስ መርከቦች በመስመር ተሰልፈው ባይገፉ ኖሮ ሐሰን ፓሻ ያን ያህል ተጨናንቆ ወደ ኦቻኮቭ ባልሸሸ ነበር። ከሁሉም በላይ ያን ሌሊት የሆነውን እንመልከት። ትላልቆቹ የኦቶማን መርከቦች በጨለማ ከሊማን ሊወጡ ሲሞክሩ ከኪንቡርን ጫፍ መድፍ ዘነበባቸው፤ ሱቮሮቭ አሸዋው ጫፍ ላይ ድብቅ መድፎች አስቀምጦ ነበርና። ጆንስ ከሱቮሮቭ ጋር የተነጋገረበት ዕቅድ ይህ ነው። ከተኩሱ ሊሸሹ ከመንገድ የወጡት ዘጠኝ ያህል መርከቦች አሸዋ ላይ ተቀመጡ፤ ናሳው በማግሥቱ ጠዋት ያቃጠላቸው እነዚህን ነው። ኦቶማኖች በሁለቱ ቀናት ያጡት ትልቅና ትንሽ ተደምሮ ወደ 15 መርከብ ይደርሳል።

ናሳው ግን ድሉን ወዲያውኑ ለፖተምኪን ጻፈ፤ ፖተምኪንም ወደ ዋና ከተማዋ አስተላለፈ። ውጤቱን እናውቃለን፦ ናሳው የምክትል አድሚራልነት ማዕረግ፣ የቅዱስ ጊዮርጊስን ሁለተኛ ደረጃ ኒሻንና ርስት ከነገባሮቹ አገኘ። ጆንስ የቅድስት አና ኒሻን ብቻ ተሰጠው።

ጀማሪ አንባቢ

ይቅርታ አድርጉልኝና አንድ ጥያቄ አለኝ። ስለዚህ ውጊያ ያነበብኩት አንዱ ሰኔ 17 ይላል፣ ሌላው ሰኔ 28 ይላል። ሁለት የተለያዩ ውጊያዎች ናቸው ወይስ አንድ?

ቀለመ ወርቅ

ወንድሜ ጀማሪ አንባቢ፣ አንድ ውጊያ ነው። ሩሲያ ያን ጊዜ የምትቆጥረው በጁልያን አቆጣጠር ስለነበር በ18ኛው ክፍለ ዘመን ከምዕራብ አውሮፓው በ11 ቀን ወደ ኋላ ይቀራል። የሩሲያ ምንጭ ሰኔ 17 ሲል የምዕራቡ ሰኔ 28 ይላል። እኛ በሦስት ዓይነት ዘመን መካከል የምንኖር ሕዝብ ስለሆንን ይህ ሊከብደን አይገባም፤ ብቻ ሁለቱን ሳይለዩ አደባልቀው የሚጽፉ ብዙ ስለሆኑ መጠንቀቅ ያሻል። ከዚህ ውጊያ አስቀድሞ በዚያው ወር የተደረገ ሌላ ግጭት ስላለ ነገሩ ይበልጥ ይወሳሰባል፤ እርሱ በምዕራቡ አቆጣጠር ሰኔ 18 ቀን ነው።

እግረ መንገዴን ይህ መድረክ ያለፈውን አንድ ጉዳይ ላንሣ። ጆንስ የተሳፈረባት ቭላድሚር በ1787 ካትሪንና የኦስትሪያው ንጉሠ ነገሥት ዮሴፍ ሁለተኛ ባሉበት ወደ ውኃ የወረደችው በኬርሶን ነው። ኬርሶንን ማን ሠራት? ካትሪን በ1778 ምሽጉና የመርከብ መሥሪያው እንዲቆረቆር ስታዝዝ ሥራውን የመራው ኢቫን ሃኒባል ነው፤ የታላቁ ጴጥሮስ አገልጋይና መሐንዲስ የነበረው የአብራም ሃኒባል የመጀመሪያ ልጅ። አብራም ገና ልጅ ሳለ ቁስጥንጥንያ ተወስዶ ከሱልጣኑ ግቢ የወጣ፣ ከዚያም ለጴጥሮስ የተላከ አፍሪካዊ መሆኑን የማያውቅ በዚህ መድረክ ያለ አይመስለኝም፤ የገጣሚው የፑሽኪን ቅድመ አያት ነውና። ትውልዱ ከወዲህ ከመረብ ማዶ ከሎጎ ነው የሚሉ አሉ፤ የለም ከቻድ ሐይቅ በስተደቡብ ካለው ከሎጎኔ ነው የሚሉም አሉ። ክርክሩን እዚህ አልከፍተውም፤ ለእርሱ ብቻ ሌላ ክር ይበቃዋል።

ኢቫን በ1770 የኦቶማኖችን የናቫሪኖ ምሽግ በመድፍ ደብድቦ እጅ ያሰጠ ነው። በዚያው ዓመት በቼስሜ ወሽመጥ የኦቶማን ባሕር ኃይል ሲቃጠል ደግሞ በእሳት ተለኩሰው ወደ ጠላት የሚላኩትን መርከቦች ያዘጋጀው እርሱ ነበር። አባቱ ልጅ ሆኖ በግዞት ያለፈበትን የኦቶማን መንግሥት ልጁ በመድፍ ተዋጋው። ጆንስ በኬርሶን በኩል ሲያልፍ የቆመበት የመርከብ መሥሪያ የእርሱ ድካም ነው።

መድፈኛው

ቀለመ ወርቅ ስለ ሃኒባል ስላነሡ አመሰግናለሁ። አያይዤ አንድ ልዩነት ላመልክት፦ ኢቫን ሃኒባል ቅጥረኛ አልነበረም። ሩሲያ ውስጥ ተወልዶ፣ በሩሲያ ትምህርት ቤት ተምሮ፣ በሩሲያ ያረጀ መኮንን ነው። ጆንስ ግን ሩሲያኛ አያውቅም፤ ከበታቾቹ ጋር የሚግባባው በፈረንሳይኛ ወይም በአስተርጓሚ ነበር። እርሱ ከመምጣቱ በፊት መርከቦቹን ያዝዝ የነበረው ግሪካዊው አሌክሲያኖ በሹመቱ ቅር ተሰኝቶ ሌሎቹን መኮንኖች እንዳሳደመበት ራሱ ጆንስ ጽፏል። እንዲህ ያለ አዛዥ ኃይሉን በሙሉ ልብ ሊያንቀሳቅስ ይችላል ወይ?

በዚህ ላይ አንድ የምንጭ ጥያቄ አለብኝ። ዘባሕር ስለ ሰኔው ውጊያ የጠቀሱት አብዛኛው ነገር የሚመጣው ጆንስ ራሱ ለእቴጌይቱ ይግባኝ ለማለት ካዘጋጀው የዘመቻ ማስታወሻ ነው። ራሱን ለመከላከል የጻፈ ሰው ቃል ነው። ልንጠቀምበት እንችላለን፤ ነገር ግን የናሳውን ሪፖርት «የቤተ መንግሥት ደብዳቤ» ብለን ንቀን የጆንስን እንደ ወንጌል መቀበል ፍርደ ገምድልነት ነው።

የአንኮበር ልጅ

ስለ ምንጩ መድፈኛው ልክ ናቸው። በዚያ ላይ ስለ ጆንስ የሚወራ ብዙ ተረት አለ። ከውጊያው በፊት በነበረው ሌሊት ከአንድ የዛፖሮዥዬ ኮሳክ ጋር በትንሽ ጀልባ በኦቶማን መርከቦች መካከል ቀዝፎ፣ በአንዱ መርከብ ጀርባ ላይ «ይህ ይቃጠል፤ ፖል ጆንስ» ብሎ በጠመኔ ጻፈ ይባላል። ታሪኩ ደስ ይላል፤ ከኮሳኩ አፍ ሲተላለፍ የመጣ ወሬ መሆኑን ግን መዘንጋት የለብንም። በሌሊት ወጥቶ የውኃውን ጥልቀት በገመድ መለካቱ ብቻውን ለእኔ በቂ ነው፤ አሸዋ ሞልቶበት በሚፋጁበት ውኃ ጥልቀቱን ያወቀ ሰው ግማሹን ውጊያ አሸንፏል።

የቦስፎሩ መንገደኛ

የኦቶማንን ወገን ማንም አላነሣውም፤ እኔ ልሞክር። በሊማን የተሸነፈው ካፑዳን ፓሻ (የኦቶማን ባሕር ኃይል የበላይ አዛዥ) ሐሰን ተራ ሰው አልነበረም። በልጅነቱ በባርነት ተሽጦ የመጣ፣ ብዙዎች ጆርጂያዊ ነው የሚሉት፣ በአልጄርስ አገልግሎ ስሙን ያገኘ ነው፤ «የአልጄርሱ» የሚለው ቅጽል ከዚያ የመጣ ነው። በ1770 ቼስሜ ላይ እርሱ የነበረበት መርከብ ከሩሲያው መርከብ ጋር ተቆላልፎ አብረው ሲቃጠሉ በዋና ተርፏል። በዚያው ዓመት ሩሲያውያን የከበቧትን ሌምኖስን ነጻ አወጣ፤ በ1774 ካፑዳን ፓሻ ሆኖ የተቃጠለውን ባሕር ኃይል እንደገና ገነባ። አንበሳ አላምዶ አብሮት ይዞ ይዞር ነበር፤ በዚህ ነገር የእኛን ነገሥታት ቢያስታውሰን አይፈረድብንም።

ይህን የምለው ስለ ጆንስ የምንከራከርበት ሚዛን እንዳይዛባ ነው። በሊማን በሁለቱም ወገን ትእዛዝ ይሰጡ ከነበሩት መካከል ስኮትላንዳዊ፣ ፈረንሳይ የተወለደ ጀርመናዊ ልዑል፣ ግሪካዊና ጆርጂያዊ አሉ። «ባዕድ ስለነበር አልተሳካለትም» ማለት ስለ ጆንስ ብቻ የሚነገር ከሆነ ሐሰን ፓሻ በኢስታንቡል እንዴት እስከ ታላቅ ቪዚርነት (የሱልጣኑ ዋና ሚኒስትርነት) ደረሰ? ሐሰን ሥርዓቱ ውስጥ አድጓል፤ የሚደግፉትና የሚፈሩት ሰዎች ነበሩት። ጆንስ በአርባ ዓመቱ ከውጭ መጥቶ ደጋፊው አንድ ሰው፣ ፖተምኪን፣ ብቻ ነበር፤ ያ ሰው ፊቱን ሲያዞር ምንም አልቀረውም።

ሐሰን ፓሻም ቢሆን በሊማን ከተመታ በኋላ አላበቃለትም። በሐምሌ ትልቁን የባሕር ኃይል ይዞ በፊዶኒሲ ደሴት አቅራቢያ ከሩሲያ የጥቁር ባሕር መርከቦች ጋር ተዋጋ፤ ከዚያም ኦቻኮቭን ለመርዳት ተመልሶ እስከ ኅዳር ድረስ አካባቢውን አልለቀቀም። በ1790 ሲሞት ታላቅ ቪዚር ነበር።

ሕግ ዐዋቂ

አንድ ጉዳይ ሁላችሁም ዘላችሁታል፤ ዘለን ልናልፈው የሚገባ አይመስለኝም። በ1789 ጸደይ ጆንስ በሴንት ፒተርስበርግ ሳለ አሥራ ሁለት ዓመት ያልሞላት ናት የተባለች ልጅን በኃይል ደፍሯል ተብሎ ተከሰሰ። ብዙዎቹ የሕይወት ታሪኩ ጸሐፊዎች ነገሩን በጠላቶቹ የተቀነባበረ ወጥመድ አድርገው ያቀርቡታል፤ የፈረንሳዩ አምባሳደር ሴጉርም እንዲህ ብሎ ተከላክሎለታል፤ ክሱም ለፍርድ ሳይቀርብ ቀረ። ነገር ግን ጆንስ ለፖሊስ በሰጠው የጽሑፍ ቃል ልጅቱ ብዙ ጊዜ ቤቱ ትመጣ እንደነበርና ሁልጊዜ ገንዘብ ይሰጣት እንደነበር አምኗል፤ የካደው ድንግልናዋን መውሰዱን ነው።

ይህ ቃል የራሱ ነው፤ የጠላቶቹ አይደለም። ስለዚህ ዘባሕር «የተሸነፈው በቤተ መንግሥት ደብዳቤ ነው» ሲሉ፣ የሩሲያ ሕይወቱ መጨረሻ በሤራ ብቻ የተዘጋ አስመስለውታል። አንድ ሰው ጎበዝ አዛዥም ሊሆን ይችላል፤ በልጅ ላይ የበደለም ሊሆን ይችላል። አንዱ ሌላውን አይሰርዘውም።

ዘባሕር

ሕግ ዐዋቂ ያነሡት ከባድ ጉዳይ ነው፤ የጠቀሱት የፖሊስ ቃልም አለ። እኔ ስለ ዘመቻው ስናገር ከኃላፊነት የተነሣው በጥቅምት 1788፣ ክሱ ከመምጣቱ ከወራት በፊት መሆኑን ነው የማመለክተው። እቴጌይቱ ክሱ ከተነሣ በኋላ የሁለት ዓመት ፈቃድ ሰጥታ አሰናበተችው፤ በ1789 ክረምት ማብቂያ አገሪቱን ለቆ ወጣ፤ ተመልሶ አላገለገለም። እንግዲህ የሥራው መጨረሻና የክብሩ መጨረሻ ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው፤ የመጀመሪያውን ፖተምኪን ዘጋው፣ ሁለተኛውን ግን ጆንስ ራሱ ነው የዘጋው ብንል የተሳሳትን አይመስለኝም።

አሁን የመጀመሪያውን ልዘርዝር፤ የክርክራችን እምብርት እዚያ ነውና። በጥቅምት ወር ፖተምኪን ለጆንስ አንድ ትእዛዝ ላከለት። ካፑዳን ፓሻ ሊያጠቃ ሊመጣ ስለሚችል በጀግንነት እንድትቀበለውና እንድትመልሰው፣ ይህም ሳይዘገይ ይፈጸም፣ አለዚያ ቸልተኛ ተብለህ ትቆጠራለህ የሚል ነበር። ለአንድ ተራ ሻለቃ ቢጻፍ የተለመደ ማስጠንቀቂያ ነው። ለጆንስ ግን ቦኖም ሪሻር ላይ የቆመን ሰው «እንዳትፈራ» ማለት ነበር። እርሱም ዝም አላለም፤ ቅሬታውን በጽሑፍ መለሰ። ፖተምኪን እንዲህ ያለውን መልስ ከመሳፍንት እንኳ አይቀበልም፤ ከተቀጠረ የውጭ ሰውማ ጨርሶ። ወዲያው ወደ ባልቲክ ትዛወራለህ የሚል ሰበብ ተሰጥቶት ተነሣ፤ ቦታውን ሩሲያዊው የባሕር ኃይል መኮንን ሞርድቪኖቭ ያዘው። ጆንስ በኅዳር ብርድ በክፍት ጀልባ ወደ ኬርሶን ሲመለስ ሳንባውን ታመመ፤ ኦቻኮቭ በታኅሣሥ 17 ቀን 1788 በብዙ ደም ሲወሰድ እርሱ እዚያ አልነበረም።

መድፈኛው «እንደ ወንጌል አትቀበሉት» ያሉትን እቀበላለሁ። ትእዛዙ ግን የፖተምኪን ነው፤ መልሱም በእጃችን ነው። በጀብደኝነት ወይም የተበላሸ ኑሮዬን ለመጠገን ወደ ሩሲያ አልመጣሁም የሚለው አቤቱታው ከዚህ ቁጣ የመጣ ነው። ቅጥረኛ መባልን ከምንም በላይ የሚጠላ ሰው፣ የቅጥረኛን ቦታ ይዞ የአርበኛን ክብር መጠየቁ ነው ያጠፋው።

መድፈኛው

እንግዲህ ተቀራረብን። እኔ ደግሞ ስለ ናሳው አንድ ቃል ልጨምር፣ አድሎ እንዳይመስልብኝ። በሊማን ያገኘው ሽልማት ወደ ባልቲክ ወሰደው። በነሐሴ 1789 በስቬንስክሱንድ ስዊድናውያንን ድል ነሣ፤ በሐምሌ 1790 ግን በዚያው ቦታ ያለ በቂ ዝግጅት አጥቅቶ ብዙ መርከቦችና በሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ያለቁበት ከባድ ሽንፈት ደረሰበት። ጥልቀት በሌለው ውኃ በቅርብ ርቀት መግጠም በሊማን ስላዋጣው ሁልጊዜ የሚያዋጣ መስሎት ነበር። ጆንስ የጠላትን አቀማመጥና ጥልቀት ሳይለካ የማይገባ ሰው መሆኑን ስናስብ፣ ሁለቱን ካትሪን አንድ ላይ ማሠራት ብትችል ኖሮ ማለቴ አልቀረም።

ጀማሪ አንባቢ

ጆንስስ ከሩሲያ ከወጣ በኋላ ምን ሆነ?

የአንኮበር ልጅ

ፓሪስ ገባ፤ ጤናው ተጎድቶ፣ ወዳጅ አልባ ሆኖ ቆየ። በ1792 የአሜሪካ መንግሥት በአልጄርስ የታሰሩ አሜሪካውያን መርከበኞችን እንዲያስፈታ ልዑክ አድርጎ ሾመው፤ ደብዳቤው ሳይደርሰው በሐምሌ 18 ቀን 1792 በ45 ዓመቱ ሞተ። በፓሪስ የውጭ ፕሮቴስታንቶች መቃብር ተቀብሮ ቦታው ጠፋ፤ የእርሳስ ሣጥኑ በ1905 ተቆፍሮ ሲገኝ አስከሬኑ በአልኮል ውስጥ ተጠብቆ ነበር። አሁን ያረፈው አናፖሊስ በሚገኘው የአሜሪካ ባሕር ኃይል አካዳሚ ነው።

የቦስፎሩ መንገደኛ

ቀለመ ወርቅና ዘባሕር፣ አንድ ጥያቄ ልተውላችሁ። በሩሲያ ባንዲራ ሥር በጥቁር ባሕር ላይ ከተዋጉት የውጭ ሰዎች የተሳካለት አለ?

ዘባሕር

አለ፤ እርሱም በዚያው በ1788 በሊማን ነበር። ሆሴ ደ ሪባስ በ1749 በኔፕልስ የተወለደ ነው። ወጣት ሳለ ወደ ሩሲያ መጥቶ ሩሲያኛውን ተማረ፤ ከቤተ መንግሥቱ ሰዎች ጋር በጋብቻ ተሳሰረ፤ በሊማን ዘመቻም ከፖተምኪን ጋር ቅርብ ሆኖ አገለገለ። በታኅሣሥ 1790 ሱቮሮቭ የኢዝማይልን ምሽግ ሲያጠቃ በዳኑብ በኩል በቀዘፋ ጀልባዎች የመጣውን ኃይል የመራው እርሱ ነው። ባሕሩን ግን ኡሻኮቭ የሚባል ሩሲያዊ በኬርች፣ በቴንድራና በካሊያክራ ተረክቦ ነበር። ጦርነቱ በጥር 1792 በያሲ ውል ሲያበቃ ኦቻኮቭ ለሩሲያ ጸና፤ ደ ሪባስም በ1794 በተያዘው ጠረፍ ላይ የኦዴሳን ወደብ መሠረተ። በከተማዋ መካከል ያለው ታዋቂው ጎዳና እስከ ዛሬ በስሙ ዴሪባሶቭስካያ ይባላል። እርሱ ከጆንስ የሚበልጥ መርከበኛ አልነበረም፤ ፖተምኪን በሕይወት ሳለ ከእርሱ ጋር አለመጣላቱን ብቻ ያውቅበት ነበር።